የቀኝ ዓይን ጠብታ

አብረን ያደረግነው የመጨረሻው ነገር ዓይኔ ውስጥ ጠብታ መጨመር ነበር። ረቡዕ ነው፤ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት አካባቢ። እኔ ሳሎን ሶፋው ላይ በጀርባዬ ተንጋልያለሁ። ባለቤቴ እጁን እስከ ክርኑ በሳሙና ታጥቦ፣ ፎጣ ቆሻሻ ይይዛል ብሎ ስለሚያምን እያራገፈ አድርቆ፣ በላዬ ጎንበስ ብሏል።

«አፍሽን ዝጊ ቲቸር፤ መድኃኒቱ የዓይን ነው» አለኝ።

ጠብታው ሲመጣ አፌ ይከፈታል። ልከለክለው አልችልም። ይህን ቀልድ በአራት ቀን ውስጥ ከአስር ጊዜ በላይ ተናግሮታል። እኔ መሳቅ ካቆምኩ ቆይቻለሁ፤ እሱ ግን በየጊዜው አዲስ እንደሆነ ሁሉ ይስቅበት ነበር።

መድኃኒቱ ሁለት ዓይነት ነው። ባለ ነጭ ክዳኑ የዓይንን ግፊት ይቀንሳል፤ ባለ ሮዝ ክዳኑ ሌዘሩ የነካው ቦታ እንዳይቆጣ ይከላከላል። ነጩ ይቀድማል። ከዚያ አምስት ደቂቃ ይጠበቃል፤ አለዚያ ሁለተኛው የመጀመሪያውን ያጥበዋል ብለውናል። በዚያ አምስት ደቂቃ እኔ ሁለቱንም ዓይኖቼን ጨፍኜ በአፍንጫዬ በኩል ያለውን ጥግ በጣቴ እጫናለሁ፤ እሱ ዱካ ላይ ተቀምጦ የሥራውን ወሬ ያወራልኛል። የትውልድ መንደሩ ኮንጋ ባለ አንድ የቡና ማጠቢያ ጣቢያ ተቆጣጣሪ ነበር። የታጠበው ቡና የሚሰጣው ከእንጨትና ከሽቦ በተሠራ ከፍ ያለ ማድረቂያ ላይ ነው፤ እነሱ አልጋ ይሉታል። የዚያን ቀን ወሬው የአልጋዎቹ ሽቦ መላላት ነበር። ሽቦው ሲረግብ ቡናው መሃል ላይ ይከማቻል፤ ከሥር ያለው ሳይደርቅ ይሻግታል። እሱ እኔን ለማስታመም ፈቃድ ወስዶ ስለከረመ ሽቦውን የሚያስወጥር ሰው አልነበረም።

«አስወጥሬው ለቀትሩ ጠብታ እደርሳለሁ» አለ።

«ካልደረስክስ?»

«አፍሽን ከፍተሽ ጠብቂኝ።»

ሮዙን ነቅንቆ ጨመረልኝ። ክዳኑን ሲያጠብቅ ሰማሁ። ከዚያ የበሩን ድምፅ ሰማሁ። ሲወጣ አላየሁትም፤ ዓይኖቼ ተጨፍነው ነበር።

ሕመሙ የጀመረው ከዚያ ጥቂት ወራት ቀደም ብሎ ነው። ዲላ ውስጥ በአንድ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ አስተምራለሁ። ማታ ማታ የተማሪዎችን ደብተር ሳርም በአምፖሉ ዙሪያ ባለ ቀለም ቀለበት ማየት ጀመርኩ። ከቀኝ ቅንድቤ በላይ ያመኛል። መነጽሬ ያረጀ መስሎኝ ነበር። ቀለበቱን ለባለቤቴ ስነግረው እሱም ወደ አምፖሉ ቀና ብሎ አየ፤ ለእሱ ምንም የለም። በሳምንቱ ሐዋሳ ወዳለ የዓይን ክሊኒክ ወሰደኝ።

ሐኪሟ ወጣት ናት፤ አትቸኩልም። ወረቀት ላይ ዓይን ሣለችልን። ዓይን ውስጥ ውሃ ይመረታል፤ የሚወጣበት በር አለ። «የእርስዎ በር በጣም ጠባብ ነው» አለችኝ። «አንድ ቀን ድንገት ሊዘጋ ይችላል። ሲዘጋ ግፊቱ ይጨምርና ነርቩን ይጎዳዋል። የተጎዳ ነርቭ ደግሞ አይመለስም። እንዳይዘጋ በሌዘር አንዲት ትንሽ ቀዳዳ እንከፍታለን። መጀመሪያ ቀኙን፣ ከወር በኋላ ግራውን።»

ባለቤቴ ሥዕሉን አዙሮ እያየ «የማጠቢያው ቦይ ሲደፈንብን ጎኑን ቀደድ እንደምናደርገው ማለት ነው» አላት።

«ልክ እንደዚያ ነው» አለች።

ከዚያ በኋላ ለጠየቀው ሰው ሁሉ የሚያስረዳው እሱ ነበር። ቦይ፣ መደፈን፣ መቅደድ። እኔ አጠገቡ ቆሜ እሰማለሁ።

ሌዘሩ የተሠራልኝ ቅዳሜ ነው። ከሌዘሩ በፊትም ጠብታ አለ። ነርሷ በየአስራ አምስት ደቂቃው እየመጣች ብሌንን የሚያጠብብ መድኃኒት ጨመረችልኝ። ቅንድቤን ከውስጥ በክር የሚስበኝ ሰው ያለ መሰለኝ። ረፋድ ላይ ተቀምጠን ኮሪደሩ እየመሸ መጣብኝ፤ ብሌኑ ሲጠብ የሚገባው ብርሃን ያንሳል። በመጨረሻ ማደንዘዣ ጠብታ ጨመሩና ዓይኔ የእኔ መሆኑ ቀረ። መሣሪያው ላይ አገጬን አስደገፉኝ፤ አንድ መስተዋት ዓይኔ ላይ ተለጠፈ። ብልጭታ፣ ትንሽ ድምፅ፣ እንደ መርፌ ጫፍ የምትነካ ነገር። ደቂቃዎች ብቻ ፈጀ። ስወጣ ባለቤቴ ገና ሻዩን አልጨረሰም።

ሐኪሟ የጠብታውን ሰዓት በወረቀት ጽፋ ሰጠችን። ሁለቱም በቀን አራት ጊዜ። ዓይኑ እንዳይታሽ፣ ማንም እንዳይነካው። እሷ ሳትፈቅድ ማቋረጥ የለም።

«ራስዎ መጨመር ይችላሉ?» አለችኝ።

እዚያው ሞከርኩ። አንዱ ቅንድቤ ላይ አረፈ፣ አንዱ ጆሮዬ ውስጥ ገባ፣ ሦስተኛው የት እንደሄደ አላወቅንም።

«ይተውት፤ እኔ አለሁ» አላት ባለቤቴ።

ረቡዕ ቀትር ስድስት ሰዓት ሲሆን ሶፋው ላይ ተንጋለልኩ። ሲመጣ ዝግጁ ሆኜ ያግኘኝ ብዬ ነው። ስድስት ተኩል ሆነ። ሰባት ሆነ። ደወልኩ፤ ይጠራል፣ አይነሳም። ስምንት ሰዓት ሲል የግቢው በር ተከፈተና የብዙ ሰው እግር ሰማሁ። ሁለት የሥራ ባልደረቦቹና ከመንገዱ ማዶ ሱቅ ያላት ጎረቤታችን ናቸው። ገብተው አልተቀመጡም።

«ትንሽ አሞት ነው» አለ አንደኛው።

ጎረቤቴን አየኋት። ነጠላዋን አዘቅዝቃለች። ለታመመ ሰው ነጠላ አይዘቀዘቅም።

ሽቦ ሲያስወጥር የቡናው አልጋ አጠገብ ወድቋል። ልቡ ነው አሉ። ሐኪም ቤት ሳይደርስ ሞቷል። የዚያን ቀን የቀትሩም፣ የአስር ሰዓቱም፣ የማታውም ጠብታ አልተጨመረም።

ሐሙስ ኮንጋ ወስደን በአባቱ መሬት ላይ ቀበርነው። መዘምራን ዘመሩ። ራሴን እንዳልጥል ሁለት ሴቶች ግራና ቀኝ አጥብቀው ይዘውኝ ነበር። እኔ ዝም ብዬ ቆምኩ። ቆይቶ እጃቸው ላላ። አላለቀስኩም። ይዤው አይደለም፤ የሚያዝ ነገር አልነበረም። አፈሩ ሲገባ አየሁ፤ የአፈሩ ቀለም ቀይ እንደሆነ አሰብኩ፤ ሌላ ነገር አላሰብኩም።

ስንመለስ ዕድሩ ደጃችን ላይ ድንኳን ተክሏል። ሳሎኑ ወንበሩ ወጥቶ ፍራሽ ተነጥፏል። የባሌ ታላቅ እህት ከኮንጋ አብራኝ መጣች። እናታቸው በሥራ ላይ ስትውል ባለቤቴን አዝላ ያሳደገችው እሷ ናት። ከተጋባን ሃያ ሁለት ዓመት ሆኖናል፤ እሷ እስከ ዛሬ ሙሽሪት ትለኛለች። እኔ እትዬ እላታለሁ።

ስለ ጠብታው የነገረቻት ጎረቤቴ ናት። ወረቀቱ ግድግዳው ላይ ተለጥፏል፤ ባለቤቴ ነው የለጠፈው። እትዬ ማንበብ አትችልም። ጎረቤቴ አነበበችላት፤ እሷም ነጭ ቀጥሎ ሮዝ ብላ በክዳኑ ያዘችው። እጇን ታጥባ መጣችና «ቀና በይ» ብላ ጨመረችልኝ። እጇ እንደ ባለቤቴ አልለመደም፤ ሦስት አራቱ በአንድ ጊዜ ይወርዳል። ግማሹ ዓይኔ ውስጥ ይገባል፣ ግማሹ በጉንጬ ይፈሳል።

ዓርብ ጠዋት እንዲህ እያደረገችኝ ሳለ የትምህርት ቤቴ ሰዎች ለቅሶ ደረሱ። ፍራሹ ላይ ተንጋልዬ ጉንጬ ረጥቦ አገኙኝ። በራፉ ላይ ጩኸት ተነሳ። «አልቅሺ እህቴ! ይውጣልሽ!» እያሉ ወደቁብኝ። አንዷ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኔን ጠራረገችልኝ። አንዷ ጉንጯን ከጉንጬ ጋር አጣብቃ ረጅም ጊዜ አለቀሰች፤ ደግ ሴት ናት፤ የእሷ እንባ አንገቴ ድረስ ወረደ። እነሱ ሲሄዱ ጎረቤቴ «እንኳንም አለቀሰች» አለች።

እትዬ ግን ጉንጬን ታያለች። ጠርሙሷ አሁንም እጇ ላይ ናት። ከሰዓት በኋላ ሰው ቀለል ሲል መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች።

«ሙሽሪት።»

«አቤት እትዬ።»

«ሰው ሁሉ አለቀሰች ይላል። እኔ ግን አይቻለሁ፤ የወረደው መድኃኒት ነው።»

«አዎ።»

«እናታችን የሞተች ጊዜ ከሴት ልጆቿ ይልቅ ቤቱን ያናወጥሽ አንቺ ነሽ። ያኔ እንባ ነበረሽ። አሁን የት ሄደ?»

«እኔ እንጃ።»

«እኔ አውቃለሁ። ይቺ ጠብታ ነው። ሐኪሟ ከፈትኩ ትላለች እንጂ የደፈነችሽ ነው የሚመስለኝ። ዓይንሽን እያደረቀ ያለው ይሄ ነው።» ሁለቱን ጠርሙሶች በመቀነቷ ውስጥ ቋጠረቻቸው። «ወንድሜን አልቅሺለት። የዚያኑ ቀን እመልስልሻለሁ። ሳያለቅስ የቀረ ሰው ይታመማል፤ አይቻለሁ እኔ።»

«እሺ» አልኳት።

ክፋት አልነበረባትም። እኔ እንዳልታመም ፈርታለች፤ ኮንጋ ያለው ዘመድም ሚስቱ አላለቀሰችለትም እንዳይል ፈርታለች። ለሌላ ሰው ሳትናገር እኔን ሸፍና ነው የያዘችው። ይህን ያኔም አውቅ ነበር። ወረቀቱ ከፊቴ ግድግዳው ላይ ነበር። ከፍራሹ ሳልነሳ በግራ ዓይኔ አነበው ነበር። ማቋረጥ የለም ይላል። እሷ ማንበብ አትችልም፤ እኔ እችላለሁ። ሐኪሟ በሩ ሲዘጋ ምን እንደሚሆን ሥላ አሳይታኛለች። አንድ ቃል ብናገር እትዬ መቀነቷን ትፈታ ነበር። አልተናገርኩም።

ቅዳሜ አምፖሉ ሲበራ ቀለበቱ ተመልሶ መጣ። ቀይ፣ ከዚያ ቢጫ፣ ከዚያ አረንጓዴ። አየሁት። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ሰዎች መጥተው ሲዘምሩ ቅንድቤን ያመኝ ጀመር። ሰኞ ረፋድ ላይ ቀኝ ዓይኔ ቀልቶ ውሃ ያወርዳል። ጭጋግ ውስጥ ያለሁ ይመስል የሰዎች ፊት አይለይም።

ሴቶቹ አዩና «ተመስገን!» አሉ። «መጣላት! መጣላት!» ጎረቤቴ ራሷ እንባዋን እየጠረገች ትሥቃለች። እትዬ ስልኳን ይዛ ደጅ ወጥታ ኮንጋ ላሉት በጌዴኦኛ ስትጮህ ሰማኋት፤ እያለቀሰች ነው፣ ዓይኗ ቀልቷል፣ ንገሯቸው። ስትመለስ ፊቷ በርቷል። ከመጣች ጀምሮ እንዲህ ሆና አላየኋትም። በሰሐን ዋሳ ይዛ ፊት ለፊቴ ተቀመጠች። ዋሳ እዚህ ቆጮን የሚጠሩበት ስም ነው።

«አሁን ትበያለሽ። ያለቀሰ ሰው ይበላል» አለችኝ።

ልታጎርሰኝ የዘረጋችው እጅ መሃል ላይ ቀረ።

«ቆይ እስቲ። ቀና በይ።»

ቀና አልኩ። አገጬን ይዛ ወደ መስኮቱ አዞረችኝ።

«ግራውስ?»

ሴቶቹ አንገታቸውን አሰገጉ።

«ግራው ደረቅ ነው። እዩት እስቲ። ደረቅ!»

«ተያት እትዬ፤ ሐዘን እኮ ነው» አለቻት ጎረቤቴ።

«ሐዘን በአንድ ዓይን ነው እንዴ የሚወጣው? ወንድሜን በግማሽ ነበር የምትወጂው?» ብላ ጮኸችብኝ። አንዲት ከኋላ የተቀመጠች ልጅ ሣቋ አመለጣትና አፏን ያዘች። ከዚያ የእትዬ መዳፍ ግንባሬ ላይ አረፈ። ድምፅዋ ወረደ።

«ያምሻል?»

«አዎ።»

«ከመቼ?»

«ከትናንት።»

«አፍ የለሽም?»

ሰሐኑን አስቀምጣ መቀነቷን ፈታች። ጠርሙሶቹን እጄ ውስጥ አደረገችና ጣቶቼን በላያቸው ላይ አጠፈቻቸው፤ ከዚያ ጫማዬን ፈልጋ እግሬ ላይ አደረገችልኝ።

ድንኳኑ ውስጥ ከዕድሩ ሽማግሌዎች አንዱ ተነስተው መንገድ ላይ ቆሙ።

«ሳምንት እንኳ ሳይሞላ ሐዘንተኛ ከፍራሽ ተነስታ ወዴት ነው?»

«ሐዋሳ» አለች እትዬ።

«ሰው ምን ይላል? ለቅሶ ደራሽ ሲመጣ ማንን ያጽናና?»

«እርስዎን ያጽናኑ። የሟች እህት እኔ ነኝ፤ ሰው የሚለውን ለእኔ ይበለኝ። ዞር ይበሉ አባቴ።»

ዞር አሉ።

በሚኒባሱ ውስጥ ሁለት ጊዜ አስመለሰኝ። ፌስታሉን የያዘችልኝ እሷ ናት። ክሊኒኩ ስንገባ ሐኪሟ አወቀችኝ። ጥቁር መልበሴን አየች፤ በሩን አየች፤ ባለቤቴን እየፈለገች መሆኑ ገባኝ።

«ሞተ» አለቻት እትዬ። «መድኃኒቱን የደበቅኩት እኔ ነኝ። እሷን እንዳትቆጪያት።»

ሐኪሟ ማንንም አልተቆጣችም። ጠብታ በላይ በላዩ አስጨመረችልኝ፣ የሚዋጥም ሰጠችኝ። ግፊቱ ወረደ። የተከፈተችው ቀዳዳ ዓይኔ በመቆጣቱ ተደፍና ነበር፤ በማግስቱ ጠዋት እንደገና በሌዘር ከፈተችው። በኋላ ነጭ ሳሕን የመሰለ መሣሪያ ውስጥ ፊቴን አስገብታ ትንንሽ ብርሃኖች አሳየችኝ። ባየሁ ቁጥር ቁልፍ እጫናለሁ። ረጅም ጊዜ ሳልጫን የቆየሁባቸው ጊዜያት ነበሩ። ብርሃኖቹ ያላቋረጡ መሆናቸውን ያወቅኩት መሣሪያው ካወጣው ወረቀት ነው። በቀኝ በኩል ያለው ጠርዝ ጥቁር ሆኖ ወጥቷል።

«የጎኑ እይታ ተጎድቷል። እሱ አይመለስም። የመሃሉ ግን አለ» አለችኝ።

«ማንበብ እችላለሁ?»

«ይችላሉ።» ወረቀቱን አጠፈችና «ለምን አልደወሉልኝም?» አለች።

ምን ብዬ እንደመለስኩላት አላስታውስም።

እስካሁንም ጥሩ መልስ የለኝም። ዓይኔን ልጎዳው ፈልጌ አይደለም። ዓይን እንዳለኝም አላስብም ነበር። የማስታውሰው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ጠርሙሶቹ መቀነቷ ውስጥ ሲገቡ ትንሽ ቀለል አለኝ። ለቀትሩ እደርሳለሁ ያለኝ ሰው ነበር። እትዬ ስትጨምርልኝ ቀትሩ በየቀኑ እየመጣ ያልፋል። ማንም ካልጨመረልኝ ግን እሱ ዘገየ እንጂ አልቀረም ማለት ነው። እንዲህ ብዬ አስቤ ነበር ማለት አልችልም። አሁን ስጽፈው ግን ይህን ይመስላል።

እትዬ ሁለት ወር ሙሉ እኔ ጋ ቆየች። ግራ ዓይኔ ሌዘር ሲሠራለት ኮሪደሩ ላይ አጠገቤ ነበረች፤ ነርሷ ብሌን የሚያጠብበውን ጠብታ በጨመረች ቁጥር ሰዓቷን ታያለች፤ ደቂቃ ካለፈች ተነስታ ትጠራታለች። ኮንጋ ልትመለስ ስትል አንድ ቀን ጓዳ ውስጥ ሳህን እያጠብን «ዓይንሽን የበላሁት እኔ ነኝ» አለችኝ።

«ወረቀቱን ማንበብ እችል ነበር እትዬ» አልኳት።

«እኔ ደግሞ አልችልም ነበር።»

«እንግዲያው ሁለታችንም ነን።»

ሳህኑን ተቀበለችኝ።

ድምፅ አውጥቼ እስከ ዛሬ አላለቀስኩም። ሰዎች መጠበቁን ትተዋል። እኔም ትቼዋለሁ።

ትምህርት ቤት ተመልሻለሁ። ደብተር አርማለሁ፤ ከግማሽ ገጽ በኋላ ዓረፍ እላለሁ። ይህንንም የጻፍኩት እንደዚያ በየቀኑ ጥቂት ጥቂት ነው። ባለ ነጭ ክዳኑ ጠብታ ጠዋትና ማታ በሁለቱም ዓይኖቼ ይቀጥላል፤ ያለ ትራስ ወለሉ ላይ ተንጋልዬ ራሴ እጨምረዋለሁ፤ ከሦስት ሁለቱ ይገባል። ከትምህርት ቤት ስመለስ አስፋልቱን እሻገራለሁ። በቀኝ የሚመጣ ባጃጅ ስለማይታየኝ ዳር ላይ ቆሜ አንገቴን እስከ መጨረሻው አዞራለሁ፤ አይቼ እሻገራለሁ።